የአባ ደቻሳ አሥራ ሰባተኛ ወረቀት

አባ ደቻሳ ቦጂያ የገፈርሳ ገበሬ ልጅ ናቸው። ሚሲዮኖች አስተምረዋቸው በ1945 ዓ.ም. ቅስና ተቀበሉና በቡራዩና በሰበታ መካከል ለምንኖር ጥቂት ካቶሊኮች ሰባት ዓመት ቀደሱልን። ከዚያ ጳጳሱ ለትምህርት ወደ ውጭ አገር ላኳቸው። አልቅሰን ሸኘናቸው። በ1959 ሲመለሱ ግን ማን እንደ ተመለሰልን ለማወቅ ተቸገርን።

በአዘቦት ቀን ኮትና ከረባት አድርገው በአውቶቡስ አዲስ አበባ ይወርዳሉ፤ ኮሌጅ ያስተምራሉ። እሑድ ደግሞ እንደ ድሮው ይቀድሳሉ። አንድ ቀን ከቅዳሴ በኋላ የመንደራችን ሰው ኦቦ ገርባ ምን እንደሚያስተምሩ ጠየቋቸው።

«ሳይኮሎጂ ይባላል። ስለ ሰው ነፍስ የሚያጠና ትምህርት ነው።»

«ታዲያ እስከ ዛሬ ስለ ምን ሲያጠኑ ኖሩ?» አሉ ኦቦ ገርባ፣ ከልባቸው ግራ ተጋብተው።

ባለሱቁ ዲኖ እስላም ነው፤ ግን እሱም ግራ መጋባቱ አልቀረለትም። «ሰኞ ዶክተር፣ እሑድ አባ እላቸዋለሁ» ይለን ነበር። «የሚቸግረኝ ቅዳሜ ነው።»

በ1961 ዐቢይ ጾም ላይ አባ ደቻሳ የመጀመሪያ ጥናታቸውን ጀመሩ። ባል የሞተባቸው ሴቶች ሐዘናቸውን እንዴት እንደሚችሉት ለማወቅ ከቡራዩ፣ ከሰበታና ከሱሉልታ አርባ ሴቶችን ሊጠይቁ ነበር። ለእያንዳንዷ ቁጥር የተጻፈበት አንድ ወረቀት አዘጋጁ። አሥራ ሰባተኛዋ የቡራዩዋ ድንቅቱ ነበረች። ወደ ውጭ አገር ሳይሄዱ ባሏን የቀበሩት አባ ራሳቸው ናቸው።

ከዚህ በኋላ የምጽፈውን እሳቸው ትንፍሽ ብለው አያውቁም። ያወራችው ራሷ ድንቅቱ ናት።

«አከም ቡልተን፣ አዴ ድንቅቱ? ጥቂት ነገር ልጠይቅዎት ነበር» አሏት፣ ቤቷ ገብተው በኦሮምኛ እንዴት አደሩ ብለው።

«ውይ አባ! ምን አጥፍቼ ነው ዛሬ አንቱ የሚሉኝ?»

«ሥራው ነው እንዲህ የሚያዘው» አሉና ከወረቀቱ ራስጌ ያለውን አነበቡላት፤ የሚናገሩት ለማንም አይነገርም፣ ስምዎ አይጻፍም፣ ሳይፈሩ እውነቱን ይናገሩ።

ድንቅቱ እንዲህ ያለ ቃል ሰምታ የምታውቀው አንድ ቦታ ብቻ ነው። ነጠላዋን ወደ ራሷ ሳብ አድርጋ ተንበረከከች። እሳቸው ምን እንደ መሰላቸው አላውቅም። የድሮ አክብሮት መስሏቸው ይሆናል፤ ወይም አውቀው እንዳላወቁ ሆነው ይሆናል። ብቻ አላስቆሟትም። ዘጠኝ ዓመት በሆዷ የያዘችውን እያለቀሰች ዘረገፈችው። ወረቀቱ ሞልቶ ጀርባው ላይ ጻፉ። ሲያበቃ አንገቷን ደፋች።

«ይፍቱኝ፣ አባ።»

ብዕራቸው ቀጥ አለ። «ድንቅቱ፣ ይህ እኮ ንስሐ አይደለም። ጥያቄ ነው።»

«ለማንም አይነገርም አላሉኝም?»

«ብያለሁ።»

«እውነቱን ተናገሪ አላሉኝም?»

«ብያለሁ።»

«ታዲያ ንስሐ ሌላ ምንድን ነው? ለፋሲካ ልቆርብ ነው እኮ!»

አባ «እመለሳለሁ» ብለው ቦርሳቸውን ይዘው ወጡ። ድንቅቱም ተፈታች አልተፈታች ሳታውቅ እዚያው ተንበርክካ ቀረች። ሦስት ቀን እሳቸው በገፈርሳ ባሕር ዛፍ መካከል ወዲያና ወዲህ ሲሉ ሁላችንም አየናቸው። ሰላም ስንላቸው አይሰሙም ነበር።

በአራተኛው ቀን ወረቀቱን አጣጥፈው መጡና ዘረጉላት። «እንቺ፣ ያንቺ ነው። ማንም አላየውም።»

ድንቅቱ እጇን ወደ ኋላ ሸሸገች። «ኃጢአቴን መለሱልኝ? ይፍቱኝ ብል ጠቅልለው አመጡልኝ?»

«አይደለም፣ እኔ…»

«ማንበብ አልችል! የት ላስቀምጠው? ከጤፉ ጋር?»

አባ ሳቃቸው አመለጣቸው። ወዲያው ግን ወረቀቱን ቦጫጭቀው ምድጃው ውስጥ ከተቱትና እስኪያልቅ ቆመው አዩት።

«እንደገና ልናገር?» አለች ድንቅቱ ተንበርክካ።

«አይሆንም። ሰምቼሻለሁ። ያን ቀንም የሰማሁሽ እኔው ነኝ።» እጃቸውን ራሷ ላይ ጫኑና ጸሎቱን አደረሱ። «እግዚአብሔር ይፍታሽ፣ ልጄ።»

ድንቅቱ ለፋሲካ ቆረበች። ከኃጢአቷ በቀር ሁሉንም ለመንደሩ አወራች። ኮሌጁ ውስጥ ግን የአሥራ ሰባተኛው ወረቀት ነገር ጥያቄ ሆነ። አባ «የለም» ከማለት ሌላ ቃል አልተነፈሱም፤ ጥናቱም ጎደሎ ነው ተብሎ አንድ ዓመት ዘገየ። ወረቀቱን ማቃጠላቸው ለትምህርቱ ልክ ይሁን አይሁን እስከ ዛሬ አላውቅም። እኔን ማንበብ ያስለመዱኝ እሳቸው ባዋሱኝ መጻሕፍት ነው፤ የዚህ መልስ ግን አንዱም ውስጥ አልተገኘም። ለሁሉም እግዚአብሔር ይመስገን።

በሚቀጥለው ዓመት አዲስ ወረቀት አሳተሙ። ከሁሉ በላይ፣ በደማቅ ፊደል፣ «ይህ ንስሐ አይደለም» ይላል። ተማሪዎቻቸው ሳቁባቸው። እኔ ቦርሳቸውን ይዤ ሱሉልታ ድረስ ተከተልኳቸው። አጸደ የምትባል ባልቴት ቤት ገብተን አባ ያን መስመር መጀመሪያ በኦሮምኛ፣ ቀጥሎ በአማርኛ አነበቡላት። አጸደ ከረባታቸውን አየች፣ አንገታቸው ላይ ያለውን መስቀል አየች።

«አይደለም?» አለች። «እንግዲያው ለእርስዎ ምን ልንገርዎት?»

አባ ብዕራቸውን እንደ ያዙ ወደ እኔ ዞሩ። እኔም አላውቅም ነበር።