ደንገል ያስረዘመው አግዳሚ

ዛሬ ባሕር ዳር፣ ሚኒባስ ውስጥ ረዳቱ «ጠጋ ጠጋ በሉ» ሲል፣ በደርግ ጊዜ ማንበብ የተማርሁበት የመሠረተ ትምህርት ክፍል ትዝ አለኝ።

መምህሩ ወጣት ዘማች ነበር። በሩ ላይ አቆመኝና «አግዳሚው ሞልቷል፤ ለሚቀጥለው ዙር ነይ» አለኝ።

«እስከዚያማ ይድሩኛል» አልሁት።

አግዳሚውን ከጫፍ እስከ ጫፍ አየ። ከዚያ፣ ለራሱ እንደሚናገር ሰው፣ «አግዳሚው መጨረሻ ባይኖረው ቢሞላም ቦታ አይጠፋም ነበር። ሁሉም አንዳንድ ቦታ ይጠጋል፣ የመጀመሪያው ላንች ይለቀቃል፣ የሚወድቅም የለም» አለ።

ከጫፍ የተቀመጠችው ጎረቤታችን «የኛው መጨረሻ አለው፤ የምወድቀው እኔ ነኝ» ብላ ሁሉንም አሳቀች።

ነገሩ የገባኝ በግማሽ ነው። ወደ ሐይቁ ሮጥሁና አባቴ ለታንኳ መሥሪያ ያሰረውን የደንገል ነዶ ተሸክሜ መጥቼ ከአግዳሚው ጫፍ ገጠምሁት። «እንግዲህ ጠጋ በሉ» አልኋቸው። እየሳቁ ተጠጉልኝ።

ክረምቱ ሳይወጣ ሽማግሌዎች አባቴን ሊጠይቁ መጡ። እኔ ግን ከጓዳ ወጥቼ «ትምህርቴን ሳልጨርስ አላገባም» አልሁ።

«መቼ ነው የምትጨርሽው፣ ልጄ?» አሉኝ አንደኛው።

«ቁጥር ቆጥሬ ስጨርስ።»

ይኸው ፀጉሬ ሸብቶ፣ ገና እየቆጠርሁ ነው።