የሸዋጌጥ ድምፅ

ሸዋጌጥ በሃያ ሁለት ዓመት ውስጥ አሥራ ዘጠኝ ፊልም ሠርታለች፤ በአንዱም ላይ ድምፅዋ የለም። አውቃለሁ፤ እየቆረጥኩ ያወጣሁት እኔ የድምፅ ሠራተኛው ታዲዮስ ነኝ።

ነቀምቴ ውስጥ የኦሮምኛ ፊልም እንሠራለን። ሸዋጌጥ ተወልዳ ያደገችው እዚሁ ቢሆንም ወላጆቿ ከጎጃም የመጡ ናቸው፤ ኦሮምኛዋን የጎጃም ቃና አይለቀውም። ፊቷን ግን ማን ይተካዋል? ልጇ የሞተባት እናት ሆና ቀና ስትል የቀረፃው ሠራተኛ ሁሉ ያለቅሳል። ስለዚህ ፊቷን ወስደን ድምፅዋን ተውነው። ሊሊሴ የምትባል መምህርት ስቱዲዮ ተቀምጣ ትናገርላታለች። ሸዋጌጥ አንድ ቀን እንኳ ተቆጥታ አታውቅም፤ «ይሁን፣ የሚቀጥለው ላይ» ትላለች። እኔን የሚያናድደኝ ይኸው ተስፋዋ ነበር።

ዘንድሮ ስልሳ አንድ ሞላት፤ ጉልበቷም አልታዘዝ አላት። ዳይሬክተራችን ፈይሳ፣ «አዴ ሸዋጌጥ፣ ይሄ የመጨረሻዎ ነው። በራስዎ ድምፅ ይሆናል» ብሎ ማለላት። ያልጠረጠረ ተመነጠረ! አራት ወር ሙሉ ከጎረቤቷ ከድርቤ ጋር ጎመን እየቀነጠሱ ቃለ ተውኔቱን አጠናች። ድርቤ እያረመች ታስደግማታለች፤ በመጨረሻ «አሁንማ ከእኔም በለጥሽ» አለቻት።

ሲሬ ከተማ መናኸሪያ ውስጥ ቀረፅን። በፊልሙ ልጇን የምትጠብቅ እናት ናት፤ አውቶቡሱ ይመጣል፣ ልጁ የለም። በጆሮ ማዳመጫ ሰማኋት። ቃናው ትንሽ ነበረበት፤ ግን እውነተኛ እናት ነበረች። ፈይሳም ሰምቶ ማዳመጫውን መለሰልኝና፣ «ገበያው አይቀበለንም። ሊሊሴን ጥራት» አለኝ። እምቢ ማለት እችል ነበር። ሆድ አደር ነኝ፣ ጠራኋት። ለሸዋጌጥ ማን ይንገራት ስንባባል የምረቃው ቀን ደረሰ።

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። ሸዋጌጥ አዲስ ቀሚስ ለብሳ ከድርቤ ጋር ፊት ተቀምጣለች። ስክሪኑ ላይ አውቶቡሱ መጣ፤ አፏን ከፈተች፤ የሊሊሴ ድምፅ ወጣ። ድርቤ እጇን ለቀም አድርጋ ያዘቻት። እኔ ከኋላ ሆኜ አንገቴን ደፋሁ።

ፊልሙ ሲያልቅ ሕዝቡ «ሃርሜ! ሃርሜ!» እያለ፣ እናታችን እያለ ተነሣ። መድረክ ላይ አወጧት፣ ማይክ ሰጧት። በዚያ አራት ወር በተገራ ኦሮምኛዋ ማመስገን ጀመረች። አዳራሹ ጸጥ አለ። ከኋላ አንዱ፣ «ኩን ሰገሌ ኢሼ ሚቲ!» ብሎ ጮኸ፤ ይሄ የእሷ ድምፅ አይደለም ማለቱ ነው። ሰዉ ሳቀ። የምትቀልድ መስሏቸው ነው።

ፈይሳ ሮጦ ማይኩን ተቀበለና ሊሊሴን ከመቀመጫዋ መድረክ ላይ አውጥቶ ሰጣት። ሊሊሴ በሸዋጌጥ ስም አመሰገነች፤ ጭብጨባው ቀለጠ። ሸዋጌጥ አጠገቧ ቆማ ከንፈሯን ታንቀሳቅስ ነበር።