እጄን ያወጣሁበት አንቀጽ

ነቀምቴ ውስጥ ሰው ሲያስተዋውቀኝ «ጠበቃም ነው፣ የክልል ምክር ቤት አባልም ነው» ይላል። ድሮ ደስ ይለኝ ነበር። ዛሬ ይህን ስሰማ ደሜ ይፈላል፤ በማንም ላይ ሳይሆን በራሴ ላይ።

የመሬት አዋጁ የጸደቀ ዕለት ረቂቁ የታደለን ጠዋት በር ላይ ነው፤ ከውሃ ጠርሙስና ከማስታወሻ ደብተር ጋር በአንድ ቦርሳ። ሕግ አንብቤ እንጀራ የምበላ ሰውዬ፣ ገለጥ ገለጥ አድርጌ ተውኩት። ምሳ ሰዓት አልፎ ነበር። አፈ ጉባኤው «የምትደግፉ?» ሲሉ ግራና ቀኜን አየሁ። ሁሉም እጃቸውን አውጥተዋል፤ እኔም አወጣሁ። በሙሉ ድምፅ ጸደቀና አጨበጨብን። ጭብጨባው ትዝ ሲለኝ አሁንም ያንገሸግሸኛል።

ከዓመት በኋላ ከጉቶ ጊዳ ገጠር፣ ከተወለድኩበት አካባቢ፣ አንዲት ባሏ የሞተባት ሴት ቢሮዬ መጣች። እሷ ሐዘን ላይ ተቀምጣ ሳለ የባሏ ወንድም የቡና መሬቷን በስሙ አስመዝግቦ የይዞታ ደብተር አውጥቶበታል። እሷ ወረቀት የላትም። ያላት የሦስት ሽማግሌዎች ቃል ነው፤ ባሏ በሕይወት ሳለ ወንድማማቾቹን ያካፈሉት፣ ድንበሩንም በእግራቸው እየረገጡ ያሳዩት እነሱ ናቸው። በኛ አገር ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ አለ?

«አዴ፣ እናቴ፣ በፍጹም አትስጊ» አልኳት፤ ደረቴን ነፍቼ።

በቀጠሮው ቀን ሽማግሌዎቹ ከመንደራቸው በእግር መጥተው ችሎቱ በር ላይ ተቀመጡ። የባላጋራችን ጠበቃ አንድም ምስክር አልጠራም። አዋጁን ገለጠና አንድ አንቀጽ አነበበ፦ የተመዘገበ ይዞታን በቃል ምስክር መቃወም አይቻልም። ዳኛዋ ወደ እኔ ዞረው «ይህን ያጸደቃችሁት እናንተ አይደላችሁም እንዴ?» አሉኝ። ሽማግሌዎቹ ሳይደመጡ መዝገቡ ተዘጋ።

በጠበቃው ልናደድ ሞከርኩ፤ በዳኛዋም። ሁለቱም ሥራቸውን ነው የሠሩት። የባሏ ወንድም ሌባ ነው፤ ቁልፉን ያቀበልኩት ግን እኔ ነኝ። ወዳጆቼ «ብቻህን መች አወጣህ?» ይሉኛል። ከሁሉ የሚያበግነኝ ይሄ ነው። በዚያ አዳራሽ ውስጥ ስንቶቻችን በሽማግሌ ቃል ታርቀን፣ በሽማግሌ ቃል ተድረን ነው ያደግነው!

ውጭ ሴትየዋ በነጠላዋ አፏን ሸፍና ቆማለች። ለሽማግሌዎቹ የሆነውን መናገር የኔ ፈንታ ነበር። አንቀጹን በኦሮምኛ አስረዳኋቸው፤ እጄን ማውጣቴንም አልደበቅኳቸውም። በዕድሜ የሚበልጡት ሽማግሌ ከተቀመጡበት ተነሡ።

«ኢልማ ኮ» አሉኝ፤ ልጄ ማለታቸው ነው። «አባትህና አጎትህ በድንበር ሊጋደሉ ሲሉ መሃል የገባነው እኛ ነን። ያኔ ወረቀት ማን ነበረው? እናትህ አንተን ያሳደገችው በዚያ መሬት ነው። ያም ቃላችን ዛሬ አይቆጠርም ማለት ነው?»

«አይቆጠርም» አልኳቸው።

ሴትየዋን ደግፈው ወደ ባጃጅ መቆሚያው ሄዱ። በኛ አገር ሽማግሌ ሳይመርቅ አይለይም። እኔን ሳይመርቁኝ ሄዱ።