አክስቴ የሚባለው ብረት

በሴራሚክ ፋብሪካው የጥራት ክፍል ውስጥ አንድ ብረት አለ። ርዝመቱ ከሰው መዳፍ ትንሽ የሚበልጥ፣ ጫፉ እንደ ቢላ የሳሳ፣ ወደ ኋላው እየወፈረ የሚሄድ ሽብልቅ ነው። በጀርባው ላይ ጥቃቅን መስመሮች ተጭረውበታል፤ ከመካከላቸው አንዷ ቀይ ናት። ከምድጃ የወጣው የወለል ንጣፍ በክፍሉ መካከል ባለው ልሙጥ ድንጋይ ላይ በፊቱ ይደፋና ብረቱ በጠርዙ ሥር ይገፋል። ንጣፉ ቀጥ ያለ ከሆነ ብረቱ አፍንጫውን እንኳ ማስገባት አይችልም። እስከ ቀዩ መስመር ከገባ ግን ንጣፉ ጠሟል ማለት ነው፤ ወደ ሰባሪው ይሄዳል። ሰባሪው መዶሻ የያዘ፣ ብዙ የማይናገር ሰው ነው።

ብረቱ ከነሣጥኑ ሲመጣ ስሙ «የክፍተት መለኪያ» ነበር። በዚያ ስም የጠራው ሰው ግን የለም። ስሙ አክስቴ ነው። «አክስቴን አቀብለኝ።» «አክስቴ የት ገባች?» «ይሄንን መጀመሪያ አክስቴ ትየው።»

ለምን እንዲህ እንደተባለ ለጠየቀ ሰው መልስ አይታጣም። ጫኝና አውራጁ፣ አክስት ማለት በማያገባት የምትገባ ስለሆነች ነው ይላል፤ ይህን የሚለው ከአንድም ሦስት አክስት ያሳደጉት ሰው ነው። የምድጃው ቴክኒሻን ደግሞ የመጀመሪያውን ብረት ከውጭ ያመጣችው የባለቤቱ አክስት ናት ብሎ ይምላል፤ ባለቤቱ አክስት የለውም ሲሉት «ሞታ ነዋ» ይላል። የሽያጭ ክፍሏ ልጅ እንግዶች ስታስጎበኝ፣ ሠራተኛው መሣሪያውን እንደ ቤተሰቡ ስለሚያየው ነው ብላ ፈገግ ትላለች። እንግዶቹም ፈገግ ይላሉ።

ሰው የስምን ምንጭ ሲፈልግ ሁልጊዜ ወደ ላይ ነው የሚያንጋጥጠው። ለስም የተከበረ አባት ይፈልግለታል፤ ጥበብ፣ ፍቅር፣ ቢያንስ አንድ ቁም ነገር። አብዛኛው ስም ግን አባቱ አንድ የሰለቸው ከሰዓት በኋላ ነው፤ እናቱም የአንድ ሰው ሳቅ የማግኘት ረሃብ። የተወለደበት ክፍል ይረሳል፤ የሳቁት ሰዎች ይበተናሉ፤ ስሙ ታጥቦና ተበጥሮ ይቀራል።

እትዬ ግን የብረቱን ስም አመጣጥ ታውቃለች። ቢያንስ አውቃለሁ ብላ ነበር የኖረችው።

እትዬ የፋብሪካው የጽዳት ሠራተኛ ናት። ግራ እግሯ ከቀኟ ያጥራል፤ በልጅነቷ ከደረጃ ወድቃ የተሰበረውን አጥንት አንድ ችኩል ወጌሻ እንደ ነገሩ ጠግኖት ነው። ጫማ ሰፊው በግራ ጫማዋ ላይ ሶል በሶል እየደራረበ ያስተካክልላታል፤ ያም ሆኖ ታነክሳለች። ባልዲ ስትሸከም ውሃው በየርምጃው ከአንድ ወገን ይፈሳል፤ የፈሰሰውን ተመልሳ ትወለውላለች። «እትዬ ለራሷ ሥራ ትፈጥራለች» ይሏታል። አብራ ትስቃለች። ሰው ሳይስቅባት ቀድማ መሳቅ በሕይወቷ የተማረችው የመጀመሪያው ሙያ ነው።

አላገባችም። እህቷ ስትሞት የእህቷን ልጅ ወስዳ አሳደገች፤ አንድ ክፍል፣ ሁለት አልጋ፣ በመካከላቸው መጋረጃ። ልጅቱን ሚጢ ትላታለች። በፊት በፊት ትምህርት ቤቱ በር ድረስ ትሸኛት ነበር። ሚጢ ከፍ ስትል ግን መታጠፊያው ጋ ስትደርስ «ከዚህ ተመለሺ፣ አክስቴ» ማለት ጀመረች። እትዬ ለምን ብላ አልጠየቀችም። ለጎረቤቷ «ዳገቱን አይታ አዘነችልኝ» ብላ ነገረቻት። ጎረቤቷም ደግ ሴት ስለነበረች ዝም አለች።

ሚጢ ትምህርቷን ስትጨርስ እትዬ ፎርማኑን ደጅ ጠናች። ፎርማኑን ሠራተኛው ጅራፍ ይለዋል፤ ምላሱን አይቶ እንጂ እጁን አይቶ አይደለም። ከብዙ መመላለስ በኋላ «ለሙከራ ትግባ፤ ካልሆነች ግን አንቺ ነሽ የምታስወጫት» አለ። ሚጢ ገባች። በሙከራ ላይ ከነበሩት ሁሉ ቀድማ ቋሚ ሆነች። ዛሬ የጥራት ክፍሉ ኃላፊ ናት፤ ነጭ ጋዋን ትለብሳለች፣ እስክሪብቶ ደረት ኪሷ ላይ ትሰካለች።

ሚጢ በገባች ሰሞን ነው እትዬ ስሙን የሰማችው። የጥራት ክፍሉን ወለል እየወለወለች ሳለ አንዱ «አክስቴን ወዲህ በላት» ሲል ቀና አለች። የተወረወረው ብረት ነበር። ማታ ቤት ሚጢን ጠየቀቻት። ሚጢ ፀጉሯን እያበጠረች ነበር፤ ማበጠሪያው ቆም አለ።

«በአንቺ ነው የሰየሙት» አለች። «ንጣፍ ትለዪ በነበረ ጊዜ ጠማማውን በእጅሽ ዳብሰሽ ታውቂው ነበር አሉ። ለክብርሽ ነው።»

እውነቱን ለመናገር የእትዬ እጅ ከሌላው ሰው እጅ አይበልጥም ነበር። ንጣፍ በምትለይበት ዘመን ብዙ ጠማማ አሳልፋለች፤ ወደ ጽዳት የዞረችውም በእግሯ ብቻ አልነበረም። ያን ማታ ግን መዳፏን ገልብጣ አየችው። እያደር እጇ እንደተባለው የነበረ መሰላት። ለባለሱቁ ነገረችው። ለጫማ ሰፊው ነገረችው። አውቶቡስ ላይ አጠገቧ ለተቀመጠ ሁሉ፣ ወሬውን በእግሯም ቢጀምር፣ በብረቱ ትጨርስለት ነበር። የጥራት ክፍሉን ስታጸዳ ብረቱን ከድንጋዩ ላይ አንስታ፣ ለሌላ ነገር በማትነካው ንጹሕ ጨርቅ ትወለውለዋለች። ዞር ስትል ሠራተኞቹ ይጠቃቀሳሉ። እሷ መወደድ ነው ብላ ታስባለች።

ጡረታዋ በተቃረበ ጊዜ፣ ራት ላይ ሚጢ አነሳችው።

«መሥሪያ ቤቱ ምን ይስጥሽ ብለው ጠየቁኝ። ብርድ ልብስ ወይስ የግድግዳ ሰዓት?»

«አክስቴን ስጡኝ በያቸው።»

ሚጢ መጉረሷን ተወች። «እሱማ የመሥሪያ ቤት ንብረት ነው።»

«ጫፉ ተበልቷል፤ ልኩን ስቷል፤ አዲስ ይመጣል ያልሽው አንቺው ነሽ።»

«ቤት ውስጥ ምን ያደርግልሻል፣ አክስቴ? ብረት እኮ ነው።»

«አንቺስ ቤት ውስጥ ምን ታደርጊልኛለሽ? ብርጭቆ እንኳ አታጥቢም። ይኑር ነው እንጂ።»

«ብርድ ልብሱ ይሻልሻል። ወፍራም ነው።»

«ብርድ ልብስ ማንም ይሰጣል» አለች እትዬ። «በስሙ የሚጠራ ዕቃ ያለው ግን ስንት ሰው ነው? እኔ ስሄድ እዚያ ጥግ ወድቆ ዝገት እንዲበላው አልፈልግም። ሌላ ምንም አልጠየቅሁሽም፣ ልጄ። አንቺ ከፈረምሽ ያልቃል።»

እውነቷን ነው፤ ሌላ ምንም ጠይቃት አታውቅም። ሚጢ ሰበብ ፈልጋ አጣች። ፈረመች።

የስንብቱ ዕለት በምሳ ሰዓት ሠራተኛው በጥራት ክፍሉ ተሰበሰበ። ለስላሳና ብስኩት ቀረበ። ብረቱ በሚያብለጨልጭ ወረቀት ተጠቅልሎ ከልሙጡ ድንጋይ ላይ ተቀምጧል። እትዬ የክት ቀሚሷን ለብሳ፣ ወንበር ተሰጥቷት፣ ሁሉንም በተራ እያየች ተቀምጣለች። ከጡረተኞች መካከል የተጠራው ጅራፍ ነበር፤ ከዘራውን እያንኳኳ መጣ። ጥርሱ ሄዷል፤ ምላሱ አለ።

«ንግግር አድርግ፣ አለቃ» አሉት።

«ምን እናገራለሁ? ለመሆኑ ስጦታው ምንድን ነው?»

«አክስቴ ናት» አለ ጫኝና አውራጁ።

ጅራፍ ሳቀ፤ ሳቁ ሳል ሆነ፤ ሳሉን ጨርሶ እንደገና ሳቀ። «ይገባታል! ስሙ እንዴት እንደወጣ የምታውቁ አላችሁ? እናንተ የትላንት ልጆች ምን ታውቃላችሁ።»

«አለቃ፣ ለስላሳው እየሞቀብህ ነው» አለች ሚጢ።

«ይሙቅ። ስሙኝማ። ለሙከራ የገቡትን ልጆች እዚችው ድንጋይ ዙሪያ አቁሜ፣ ይህን ሽብልቅ አንስቼ፣ ይሄ የት ይገባል አልኳቸው። ሁሉም እንደ ግንድ ተገተሩ። ይህን ጊዜ ይህቺ» ብሎ በከዘራው ወደ እትዬ ጠቆመ፣ «ባልዲዋን ይዛ፣ እያነከሰች፣ ውሃዋን እያፈሰሰች በበሩ አለፈች። ያቺ ደግሞ» አለና ከዘራውን ወደ ሚጢ አዞረ፣ «በአክስቴ ተረከዝ ሥር ነዋ፣ እስከ መጨረሻው ይገባል፣ አትልም? ሆዴን ይዤ ተቀመጥኩ። ከዚያ ወዲያ አክስቴን አምጡ፣ አክስቴን መልሱ ነው። ይህቺ ልጅ ትደርሳለች ያልኩት ያኔ ነው። በማግሥቱ ቋሚ አደረግኋት። ይኸው ደረሰች።»

እንደ ምርቃት ነበር የተናገረው። ከኋላ አንድ ሰው ሳቁን መቆጣጠር አቅቶት በአፍንጫው አመለጠው። ሌሎቹ ብስኩታቸውን ይመለከታሉ። እትዬ ለመሳቅ አፏን ከፈተች፤ ዕድሜ ልኳን ቀድማ ስትስቅ የኖረች ሴት ዛሬ ዘገየች። አፏን መልሳ ዘጋችው።

«ልጅነት ነበር፣ አክስቴ» አለች ሚጢ በቀስታ። «ፈርቼ ነበር። እንዲስቁ ብዬ ነው።»

እትዬ ጠርሙሷን ወለሉ ላይ አስቀመጠች። ጎንበስ ብላ የግራ ጫማዋን ፈታች፤ ከዚያ የቀኙን። በጅራፍ ትከሻ ተደግፋ፣ ከጉልበት ከፍ በማይለው ልሙጥ ድንጋይ ላይ ወጣች። በደህናው እግሯ ቀጥ ብላ ስትቆም የግራው ተረከዝ ከድንጋዩ ተነሣ። የክት ቀሚሷን ሰበሰብ አደረገች፤ ሁሉም እንዲያየው።

«ይለኩኝ፣ ኃላፊ» አለች።

«ተይ በቃ፣ አክስቴ። ውረጂ።»

«ሥራዎ አይደለም እንዴ? ይለኩ እንጂ። ያኔ በዓይንዎ ነበር፤ ዛሬ መሣሪያው አለልዎ።»

ሚጢ ዙሪያዋን አየች። ሊረዳት የፈለገ ሰው ቢኖር ኖሮ አንድ ቃል ይበቃ ነበር። ግን ሰው እንዲህ ያለ ነገር ሲያይ አንገቱን ይሰብራል፤ ዓይኑን ግን ከዚያ አይነቅልም። ሚጢ የሚያብለጨልጨውን ወረቀት ቀደደች። በነጭ ጋዋኗ ተንበረከከች። ብረቱን በአክስቷ ተረከዝ ሥር ገፋችው፤ ቀዩን መስመር አለፈ፤ እስከ ወፍራሙ ጫፍ ገባ፤ አሁንም ቦታ ተረፈ።

«ያንብቡት።»

«ገብቷል።»

«ጮክ ብለው። ከኋላ ያሉት አልሰሙም።»

«እስከ መጨረሻው ገብቷል።»

«ሳይለኩ ያወቁ! ጎበዝ ነበሩ» አለች እትዬ። ከዚያ ከሰው በላይ አሻግራ ሰባሪውን ፈለገችው። «አንተ፣ እንዲህ የገባ ዕቃ ምን ይደረጋል?»

ያ የማይናገር ሰው ከልማዱ የተነሣ መለሰ። «ይሰበራል» አለ፤ ወዲያው አፉን በመዳፉ ያዘ።

«እሱን ነው የምለው» አለች።

ወረደች። ጫማዋን እስክታስር ክፍሉ ሁሉ ጠበቃት። ብረቱን ከሚጢ እጅ ተቀብላ፣ ከቦርሳዋ ያቺን ንጹሕ ጨርቅ አውጥታ ወለወለችው፤ ጠቅልላ ያዘችው። «ስጦታዬን አልተውም» አለች። ጅራፍ የተፈጠረው ነገር ስላልገባው «እሷማ ሁሌም ጨዋታ አዋቂ ናት» እያለ ያጨበጭብ ነበር።

ወደ ቤት በአንድ አውቶቡስ ሄዱ። ሚጢ አጠገቧ ቦታ ብትይዝላትም እትዬ ከፊት፣ ከማታውቀው ሰው ጎን ተቀመጠች። ስለ እግሯ ሲጠይቃት መስኮቱን አየች እንጂ ወሬ አልጀመረችለትም።

ቤት ሲደርሱ ብረቱን ከመደርደሪያው ላይ፣ ከእህቷ ፎቶግራፍ አጠገብ አኖረችው። ራት ሠራች፤ እንደ ወትሮው ለሁለት ሰው። ሳህኑን ሚጢ ፊት አስቀመጠች።

«ይቅረቡ። ይብሉ።»

«እባክሽ እንዲህ አትበይኝ» አለች ሚጢ። ከፋብሪካው ጀምሮ የያዘችው እንባ ያኔ ወረደ። «ምቺኝ ከፈለግሽ። እንደ ባዳ አታናግሪኝ እንጂ። አክስቴ።»

እትዬ ጎረሰች።

«አክስቴ!»

እትዬ ቀና ብላ በአገጯ ወደ መደርደሪያው ጠቆመች። «እሱን ነው የሚጠሩት? እዚያ አለልዎ፤ ያንሱት።»

ሚጢ ተነሥታ ከመጋረጃው ወዲያ ገባች። አልጋው ሲንቋቋ፣ ከዚያም ልቅሶው በትራስ ሲታፈን ይሰማል። እትዬ ሳህኗን ጨረሰች። የሚጢን ሳህን ወደ ራሷ ሳበችና እሱንም በላች፤ ቀስ ብላ፣ አላምጣ፣ ምንም ሳታስተርፍ።

«ጨው አንሶታል» አለች ወደ መጋረጃው። «ለነገ ያስታውሱኝ።»