የአሰልጣኙ ምራቅ

ሱፍ ከሚቆረጥም ሰው አጠገብ አልቀመጥም። እስራኤል ውስጥ፣ ቤርሼቫ እየኖሩ እንዲህ ማለት ከአገሩ ሁሉ መጣላት ነው፤ አውቶቡስ ማቆሚያው፣ መናፈሻው፣ የሆስፒታሉ በር፣ የትም ቅርፊት ነው። ምራቅ የነካው ቅርፊት ጫማዬ ላይ ሲጣበቅ ቆሜ በድንጋይ እፍቃለሁ።

ቤዝቦል ተጫዋች ነበርኩ፤ ያውም ባለሙያ። በዱላ የተመታች ኳስ በጓንት የሚያዝበት የአሜሪካኖች ጨዋታ ነው። እዚህ አገር ጨዋታውን እንጀራችን እናድርገው ካሉት ከመጀመሪያዎቹ አንዱ ነኝ። የተቋቋመው ሊግ የቆየው አንድ በጋ ነው፤ እኔ ሜዳ የገባሁት አንድ ቀን። ከሠራዊት እንደወጣሁ ክንዴን አይተው የወሰዱኝ መስሎኝ ነበር። ለካ የፈለጉት ለማስታወቂያ የሚሆን ጥቁር ፊት ኖሯል። ፎቶው ላይ መሐል ቆሜያለሁ፤ ጨዋታው ሲጀመር ግን ቦታዬ የተቀያሪዎች አግዳሚ ወንበር ነው።

ያ አግዳሚ! ከአሜሪካ የመጡት ተጫዋቾች ቀኑን ሙሉ ሱፍ ይቆረጥማሉ፣ ትምባሆ ያኝካሉ፣ እንትፍ ይላሉ። ወለሉ ቡናማ ለሃጭ ነበር። አሰልጣኙ ደግሞ ከሁሉም ይብስ ነበር፤ ሲናገር እንኳ ቅርፊት ከአፉ ይረግፋል። እግሬን አንስቼ እቀመጥ ነበር።

አባቴ በየሳምንቱ «መቸ ነው የምትጫወት፣ ልጀ?» ይለኛል። ጎረቤቱን ሁሉ አዳርሷል። እኔም የምመኘው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ አንድ ቀን ስጫወት እንዲያየኝ።

የመጨረሻው ጨዋታ ቀን ነጠላውን ለብሶ በባቡር መጣ፤ ከአግዳሚያችን ጀርባ፣ ራቅ ብሎ ከላይኛው መደዳ ተቀመጠ። አንዱ ተጫዋች እግሩን ታመመና በእሱ ቦታ ገባሁ። ኳሷ ከሰማይ ቀስ ብላ ወደኔ ወረደች፤ ሕፃን የሚይዛት ኳስ ናት። ጓንቴን ነክታ ወደቀች። ተሸነፍን።

ስመለስ አሰልጣኙ ተቀበለኝ። በእንግሊዝኛ የማልደግመውን ነገር ተናገረና ፊቴ ላይ እንትፍ አለብኝ። ምራቁ ከነቅርፊቱ አገጬ ላይ አረፈ።

«አሜን!» የሚል ድምፅ ከኋላ ሰማሁ።

አባቴ ነው። ሁለት እጁን ዘርግቶ ቆሟል። በእኛ ዘንድ ሽማግሌ ሲመርቅ እንትፍ እንትፍ ይላል፤ ያ ግን ትንፋሽ ነው እንጂ ምራቅ አይደለም። አባቴ እንግሊዝኛ አይሰማም፤ ከዚያ ርቀትም የሚታየው ፊት ለፊት የቆመ ልጁና እንትፍ የሚል ትልቅ ሰው ነው። «አሜን! እድሜ ይስጥልኝ!» እያለ ለአሰልጣኙ እጅ ነሳ።

መምታት ነበረብኝ። ቢያንስ መጥረግ። አልጠረግኩም። አባቴ እንዳይገባው ብዬ፣ ያን ቆሻሻ አገጬ ላይ ይዤ፣ እንደ ተመራቂ አንገቴን ደፋሁ። እስከ ዛሬ የሚቀፈኝ ምራቁ አይደለም፣ ያ አንገቴ ነው።

ባለፈው ቅዳሜ ልጄ ሠራዊት ልትገባ ስለሆነ አያቷን ልትሰናበት መጣች። አባቴ ራሷን ይዞ እንትፍ እንትፍ አለ።

«ዳይ፣ ሳባ!» እያለች ሳቀች፤ በዕብራይስጥ ይበቃል አያቴ ማለቷ ነው።

«አባትሽን ፈረንጅ ሳይቀር መርቆታል» አላት። ቀጥሎ ወደኔ ዞረ። «ና እንጅ፣ አንተም ጎንበስ በል።»

ጎንበስ አልኩ። አባቴ ገና አፉን ሳይከፍት እጄ አገጬን ጠረገ።