የመርማሪው እህት ድምፅ

ጀርመን አገር፣ ኒድ በሚባል ሰፈር ከአክስቴ ጋር በምኖርበት ሕንፃ፣ ከእኛ በላይ ባለው ፎቅ አንዲት ዕድሜያቸው የገፋ እንግሊዛዊት ይኖሩ ነበር። ጀርመናዊ አግብተው መጥተው፣ ባላቸው ሲያርፉ እዚያው ቀርተዋል። በወጣትነታቸው በአገራቸው ፊልምና ቴሌቪዥን ሠርተዋል፤ ነርስ፣ ጸሐፊ፣ ገዳዩን በመስኮት ያየች ጎረቤት እየሆኑ። ዋና ተዋናይት ሆነው አያውቁም። ጀርመን ውስጥ የሚታወቁት የመርማሪው እህት በሆኑበት አንድ የድሮ ተከታታይ ድራማ ነው፤ ከሰዓት በኋላ ደጋግመው ያሳዩታል። እኔም ጀርመንኛ የለቀምኩት ከእሱ ነበር።

ጀርመኖች የውጭ ፊልም በራሱ ቋንቋ እምብዛም አያሳዩም፤ ሌላ ሰው በጀርመንኛ ይናገርበታል። ስለዚህ ፊቱ የእሳቸው፣ ድምፁ የሌላ ሴት ነው። ኤስባን በሚሉት የከተማ ባቡር ውስጥ ሰዎች ያውቋቸውና ይጠጋሉ፤ አፋቸውን ሲከፍቱ ግን ፈገግታው ይቀዘቅዛል። አክስቴም መጀመሪያ ቀን «እሷ አይደለችም፤ የምትመስላት ናት» ብላኛለች።

አንድ የብርድ ወቅት ለጀርመን ቴሌቪዥን ፊልም ተጠሩ። ሚናቸው ጀርመን አገር ያረጀች እንግሊዛዊት ነው። ዳይሬክተሩ ግን ጀርመንኛቸው ካልጠራ ያችው የድራማው ባለድምፅ ሴት እንደምትናገርላቸው ነገራቸው።

«አንተም እንደ እኔ በጆሮህ ነው የተማርከው» አሉኝ። «የምሰናከልበትን ንገረኝ።»

ቅዳሜ ቅዳሜ ወጥ ቤታቸው ተቀምጬ በፊልሙ ውስጥ የልጃቸውን ንግግር አነብላቸው ነበር። የተሳሳተች አንዲት ድምፅ ሳላርም አላሳለፍኩም።

«አንተስ ከዳይሬክተሩ ትብሳለህ» ይሉኛል።

ጀርመንኛቸው እየጠራ ሄደ። አንድ ቀን አክስቴ ሳምቡሳ ይዛላቸው ወጥታ በር ላይ ቆማ አዳመጠች። «ዛሬስ ልክ እንደ ቴሌቪዥኗ ሴትዮ ሆኑ በላቸው» አለችኝ። አልኳቸው። ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡት።

«እንዲያ ከሆነ እኔን ለምን ፈለጉኝ?»

ንግግራቸው ከስህተት ሁሉ ጸድቷል፤ ያረጀችው እንግሊዛዊት ግን የለችበትም።

«ከመጀመሪያው እናንብበው» አልኳቸው። «አላርምዎትም።»

ረጃጅሙ ቃል ላይ ትንሽ እየቆሙ፣ በአገራቸው ለዛ አነበቡት። ልጇን «መቼ ነው የምትመጣው?» የምትልበት ቦታ ሲደርሱ እኔ የልጁን መልስ ማንበብ ረሳሁ።

ቀረጻው ላይም እንዲያው ተናገሩ። ዳይሬክተሩ «እናያለን» ብሎ አለፈ።

ፊልሙ ሲታይ እኛ ቤት ወረዱ። ካፖርታቸውን ሳያወልቁ ሶፋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ። ስክሪኑ ላይ ብቅ አሉ። አፋቸው ተከፈተ። ድምፁ የራሳቸው ነበር።

አክስቴ ጥቂት አዳምጣ በአማርኛ «ያችኛዋ ትሻል ነበር» አለች።

«ምን አለች?»

መዋሸት አልችልበትም፤ ነገርኳቸው።

«እውነቷን ነው፤ ያች ጎበዝ ነበረች» አሉ፣ ዓይናቸውን ከስክሪኑ ሳይነቅሉ። «እስኪ ድምፁን ጨምሩልኝ።»

አክስቴ ጨመረችላቸው።