የኤልፍሪደ ቀኝ ጆሮ

ኤልፍሪደ ሮትማን በፊልም ያልሞተችበት መንገድ የለም። ታንቃለች፣ ከደረጃ ተወርውራለች፣ የሰከረ ባል በመጥረቢያ ፈልጧታል። ስሟ ፖስተር ላይ ወጥቶ አያውቅም። ትራም ውስጥ የሚያዩዋት የሙኒክ ሰዎች ግን «ያቺ የምትደበደበዋ!» ይላሉ።

እኛ ስቱዲዮ ጥፊ የውሸት አልነበረም። «ተመልካቹ ከጦርነት ነው የመጣው፤ በውሸት ጥፊ አይሸወድም» ይል ነበር ዳይሬክተሩ ጉንደላህ። ጥፊ በልምምድ ላይም አይሰነዘርም፤ ፊት አስቀድሞ ካወቀ ይበላሻል።

ኤልፍሪደ እምቢ ብላ አታውቅም። ምክንያቱን የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ፤ ፊቷን የምቀባው፣ ጸጉሯን የምሠራው እኔ ነኛ። በርሊን በወደቀች ሰሞን አንድ ወታደር በጠመንጃ ሰደፍ ግራ ጆሮዋን መታት። ከዚያ ወዲህ በዚያ በኩል አትሰማም። ጠባሳውን በጸጉር እሸፍንላት ነበር። በቀኝ እጁ የሚማታ ሰው ደግሞ የሚያገኘው ያንኑ ደንቆሮውን ወገን ነው።

«ይምቱት፤ እዚያ ቤት ማንም የለም» ትለኛለች፣ ደሟን እየጠረግኩላት።

ቀኙ ከሄደ ግን አለቀላት። ተራዋ መድረሱን ካልሰማች ማን ይቀጥራታል? ባሏ ከምሥራቅ ግንባር አልተመለሰም። ሌላ ሙያ የላትም።

በፈረንጆቹ 1954 ኅዳር ሎታር ብሬመ የሚባል አዲስ ኮከብ መጣ። በፊልሙ ባሏ ሆኖ ወጥ ቤት ውስጥ ሊደበድባት ነው። ያኔ ስለ ጦርነት ቁስል ሰው አይጠየቅም። የት ነበርክ ካልከው፣ አንተስ የት ነበርክ ይልሃል። ስለዚህ እሷም አልጠየቀችውም፣ እሱም አልጠየቃትም።

ካሜራው መቅረጽ ጀመረ። ሎታር «ሾርባው ቀዝቅዟል!» አለና ግራ እጁን ሰነዘረ። ኤልፍሪደ ጎንበስ አለች። ጥፊው ትከሻዋ ላይ አረፈ።

«ቁም!» ጉንደላህ ወንበሩን በእርግጫ አለው። «ስንት ዓመት ተደብድበሽ ዛሬ ትሸሻለሽ?»

«በቀኝ እጁ ይምታኝ፣ አቶ ጉንደላህ።»

«ለምን?»

ጸጉሯን ግራ ጆሮዋ ላይ አስተካከለች። ሎታር ፊቱ ቀላ። «ግራው ይሻለኛል» ብሎ ወለሉን አየ።

«ባል ሚስቱን ሲደበድብ እጅ ያማርጣል እንዴ?» መብራት የያዙት ሳቁ። «ቀጥ ብለሽ ቁሚ። ካልሆነ ግን ውጭ ሌላ ሴት አለች።»

ቆመች። ካሜራው እንደገና መቅረጽ ጀመረ። የሎታር ግራ እጅ ሲመጣ ኤልፍሪደ ከምድጃው ላይ የብረት መጥበሻውን አንስታ አፉ ላይ አሳረፈችው። የአጥንት መሰበር ድምፅ ሁላችንም ሰማን። ደሙ ነጩ የጠረጴዛ ልብስ ላይ ተረጨ። ሲንገዳገድ ደገመችው። ወደቀ። ካሜራውን አቁም ያለ ስላልነበረ አልቆመም።

ሎታር ጥርሱን መዳፉ ላይ ተፋ። «አበድሽ እንዴ፣ አንቺ ሴትዮ!»

«ጆሮዬን ልትመታ ነው! የቀረኝ እሱ ብቻ ነው!»

ምስጢሯ ወጣባት፤ ሁሉም ሰማ።

«ታዲያ አትነግሪኝም ነበር?» አለ ሎታር።

«አንተስ ለምን ግራህ እንደሚሻልህ ነገርከኝ?»

ሎታር ቀኝ ክንዱን ሊያነሳ ሞከረ። ደረቱ ጋ ሲደርስ ቆመ። «ጥይት ነው» አለ፣ ደም እየዋጠ።

ጉንደላህ ሁለቱንም አላያቸውም። ወደ ካሜራ ያዡ ዞረ። «ተቀርጿል?»

«ሁለቱም ምት ተቀርጿል።»

«በቃ፣ ሚስትየዋ ትግደለው።»

ፊልሙ ሲወጣ መጥበሻው ባረፈ ቁጥር ሴቶች አጨበጨቡ። ከዚያ በኋላ ኤልፍሪደን የመታት የለም። ባሎችን መረዘች፣ ተከራዮችን አነቀች፣ የእስር ቤት ጠባቂ ሆና እስረኞችን በዱላ ገረፈች። ሥጋ ሻጩ እንኳ አጥንት ያልበዛበትን ይመርጥላት ጀመር። ስሟም ፖስተር ላይ ወጣ፤ ከታች፣ በትንሽ ፊደል።

ከሎታር ጋር ብዙ ጊዜ ሠርተዋል። የሚነግራት ነገር ሲኖረው በስተቀኟ ዞሮ ይመጣል፤ መጀመሪያ ግን እጇ ምን እንደያዘ ያያል።